የእርማት አቤቱታው፦ ምን ይግባ፣ ምን ይውጣ?

ጸሐፊ፦ ሰላም ለሁላችሁ። በገንዘብ ክሳችን የተሰጠውን ፍርድ ግልባጭ አንብባችሁ ገጽ 7 ላይ ቆም በሉ። ሁለተኛው ደረሰኛችን 86,000 ነው። ፍርዱ 68,000 ብሎታል። ጉዱ ያለው ድምሩ ላይ ነው። ከመጀመሪያው ደረሰኝ 45,000 ጋር ተደምሮ 131,000 ተብሎ በትክክል ተጽፏል። መጨረሻ ላይ ግን ተከሳሹ እንዲከፍል የታዘዘው 113,000 ነው። እርማት እንጠይቅ። ሌላ ምን ይጨመር?

አባል፦ ከገባን አይቀር ሁሉንም እናንሳ እንጂ! ወለዱን የከለከሉን "ማስጠንቀቂያ አልሰጡም" ብለው ነው። ሰጥተናል እኮ።

ጠበቃ አባላችን፦ ወንድሜ፣ እሱ እዚህ አይገባም። ችሎቱ የሁለቱንም ወገን ምስክር ሰምቶ የእነሱን አመነ። ተሳስቶ ሊሆን ይችላል፤ እሱን የሚያየው ግን ይግባኝ ሰሚው ነው። እርማት የሚባለው ዳኛው ሊሉ ያሰቡትና ወረቀቱ ላይ የሰፈረው ሲለያይ ነው። የቁጥሩን ስህተት ራሱ ፍርዱ ይመሰክርልናል። ወለዱን ከቀላቀልነው "ይግባኝ በጓሮ በር" ይሉና ጥሩውንም አብረው ይጥሉብናል።

ሒሳብ ያዥ፦ ገጽ 4 ላይስ የሦስተኛው ምስክር ቃል ለሁለተኛው ተሰጥቷል። ገንዘቡን አይነካም፣ እንተወው?

ጠበቃ አባላችን፦ አንተወውም። ይግባኝ ሰሚው የሚያነበው ይህንኑ ፍርድ ነው። የምስክርነቱን ቃለ ጉባኤ ገጽ ጠቅሰሽ በአንድ መስመር አስገቢው።

ጸሐፊ፦ ቀነ ገደብ አለው?

ጠበቃ አባላችን፦ እንደ ሥርዓቱ ይለያያል። የአውሮፓ የሰብአዊ መብቶች ፍርድ ቤት ዘንድ ተከራካሪው ፍርዱ በተሰጠ በአንድ ወር ውስጥ መጠየቅ አለበት። ጀርመን ውስጥ ተራ የጽሕፈትና የሒሳብ ስህተት በማንኛውም ጊዜ ይታረማል። የፍሬ ነገሩ ትረካ ሲሳሳት ግን ፍርዱ ከደረሰህ በኋላ ያለህ ሁለት ሳምንት ብቻ ነው። የኛን ደንብ አይቼ ነገ እጽፋለሁ። እስከዚያ ግን የእርማት አቤቱታ የይግባኝ ቀን ያቆምልናል ብላችሁ እንዳትዘናጉ።

ሒሳብ ያዥ፦ ዳኛው ቅር አይላቸውም?

ጸሐፊ፦ እንደ አጻጻፋችን ነው። "ፍርድ ቤቱ ተሳሳተ" አንልም። እንዲህ ብያለሁ፦ "በገጽ 7 የተጠቀሰው 68,000፣ በማስረጃነት ከቀረበው ደረሰኝና እዚያው ከተጻፈው ድምር ጋር ስለማይገጥም 86,000 ተብሎ፣ በውሳኔው የተመለከተው 113,000ም 131,000 ተብሎ እንዲታረምልን እናመለክታለን።" ቀጥሎ የምስክሩ መስመር፣ ከዚያ ፊርማ። ደረሰኙና ገጽ 7 አባሪ ይሆናሉ።

ጠበቃ አባላችን፦ በቂ ነው። ከአንድ ገጽ እንዳይበልጥ። ለተከሳሹም ግልባጭ ይድረሰው፤ ሳይሰማ ቀረ እንዳይባል።

አባል፦ እሺ፣ ወለዱ ይውጣ። የይግባኙን ረቂቅ ግን እኔ ልጀምር?

ጠበቃ አባላችን፦ ዛሬውኑ ጀምር። ማስጠንቀቂያው የተላከበትን የፖስታ ደረሰኝም ፈልግ፤ እሱ ከሌለ ብዙ አንራመድም።