የጅቡ ፊልም፦ ለሐሙስ የሚገባው የጋራ ዕቅድ፣ ከነጽሑፍ አስተያየቱ

ዳይሬክተሩ፦ ረቂቁ ይኸው። የ12 ደቂቃ አስፈሪ ፊልም፣ እዚሁ ደሴ፣ ጦሳ ተራራ ግርጌ፣ በሌሊት። ሰውዬው ጅብ ሲሆን በኮምፒውተር የሚሠራ አንድም ነገር አይኖርም። የፊቱን ቅርጽ በጀሶ እናወጣለን፤ ጄላቲን ከግሊሰሪንና ከውኃ ጋር አቅልጠን እናፈስበታለን፤ ሲረጋ እንደ ሥጋ ይለጠጣል። ደሙን የሆሊውዱ ሜካፕ ሠሪ ዲክ ስሚዝ በበቆሎ ሽሮፕ ይሠራው ነበር፣ እኛ በስኳር እንሠራዋለን። 40,000 ብር ይበቃል።

ሒሳብ ያዥዋ፦ ካዝናው ውስጥ 17,300 ብር ነው ያለው። ያለፈው የመብራት ኪራይም አልተከፈለም። ባለቤቱ ፒያሳ ላይ ባየኝ ቁጥር መንገድ የምቀይረው እኔ ነኝ።

ድምፅ ቀራጩ፦ ጄላቲኑ ከምን እንስሳ ነው?

ዳይሬክተሩ፦ ከቆዳና ከአጥንት።

ድምፅ ቀራጩ፦ የማን ቆዳ? ከአሳማም ይሠራል። የምትለጥፈው ሙስሊም ተዋናይ አፍ ላይ ነው።

ወጣቱ ተዋናይ፦ አልሠራም አላልኩም። ግን ልወቀው።

ሜካፕ ሠሪዋ፦ ከከብት የሚሠራም አለ፣ ማሸጊያው ላይ ይጻፋል። ያለፈው ምን ይላል?

ዳይሬክተሩ፦ ያለፈውን በፌስታል ተመዝኖልኝ ነው የገዛሁት።

አንጋፋዋ ተዋናይት፦ እኔ ፊት ላይ የለጠፍከውን? በሁዳዴ? መብራቱ ሲግል ቀልጦ ከንፈሬ ላይ የወረደውን?

ዳይሬክተሩ፦ እትዬ፣ እርስዎ እኮ አልዋጡትም።

አንጋፋዋ ተዋናይት፦ አንተ ምን ታውቃለህ!

ሰብሳቢው፦ ልጆች፣ ንጉሥ ሚካኤል የግብር አዳራሹን አይጠየፍን ባሠሩበት ከተማ በዚህ ትጣላላችሁ?

ድምፅ ቀራጩ፦ ጋሼ፣ አይጠየፍ ማለት ያላወቁትን መቅመስ ማለት አይደለም።

ካሜራ ባለሙያው፦ ላቴክስ ይሁን። የዛፍ ፈሳሽ ነው፣ ሃይማኖት የለውም።

ዳይሬክተሩ፦ ላቴክስ ብርሃን አያስገባም። ጉንጩ የሰው ሳይሆን የጓንት ይመስላል።

ካሜራ ባለሙያው፦ እንግዲያውስ ኮምፒውተር።

ዳይሬክተሩ፦ ስሜን ከረቂቁ አውጡት።

ጸሐፊው፦ የከብቱን ጄላቲን ዋጋ ነገ ኮምቦልቻ ወርጄ አጣራለሁ ያለው ማን ነበር? ሦስት ቀን ሆነው።

ሜካፕ ሠሪዋ፦ ሰም ከቫዝሊን ጋር ሞክሬአለሁ። የጾም ነው። ችግሩ፣ አፉን ሲከፍት ይሰነጠቃል።

ዳይሬክተሩ፦ አፉን የማይከፍት ጅብ!

ድምፅ ቀራጩ፦ ለምን ይከፍታል? አይታይ። ጩኸቱን እኔ እሠራለሁ፣ ጨለማ ውስጥ ይሰማ።

ዳይሬክተሩ፦ ተቆጥቼ ነው የጻፍኩት፣ ስሜን መልሱ። ግን ጅቡ ካልታየ ጀሶው ለምንድን ነው?

ጸሐፊው፦ ለሥልጠና። የባህል ጽሕፈት ቤቱ ለሥልጠና በጀት አለው ተብሏል። ርዕሱን «የሦስት ቀን የሜካፕ ሥልጠና ለወጣቶች» ብዬዋለሁ። ፊልሙ በመጨረሻው አንቀጽ «የተግባር ልምምድ» ተብሎ ገብቷል።

አንጋፋዋ ተዋናይት፦ አሠልጣኟ እኔ ነኝ፤ አበሉን ጻፉልኝ።

ሒሳብ ያዥዋ፦ የመብራቱ ዕዳ በየትኛው ተራ ቁጥር ይግባ? «ልዩ ልዩ» እንዳትሉኝ፣ እዚያ ስኳሩ አለ።