በ58 ዓመት ልውጣ ወይስ 60ን ልጠብቅ? የደመወዝ ጭማሪውና የጡረታ አበል ስሌት

ጠያቂ፦
ጤና ይስጥልኝ። ዕድሜዬ 58፣ አገልግሎቴም 30 ዓመት የሞላ የመንግሥት ሠራተኛ ነኝ። ቢያንስ 25 ዓመት ያገለገለ ሠራተኛ የመውጫ ዕድሜው ሊደርስ አምስት ዓመት ሲቀረው በፈቃዱ ጡረታ መውጣት እንደሚችል ስለማውቅ፣ ጤንነቴም እየደከመ በመምጣቱ፣ ማመልከቻ ለማስገባት እያሰብኩ ነው። ይሁንና ከመስከረም 2018 ዓ.ም. ጀምሮ ደመወዛችን ከተሻሻለ ገና ዓመት መሙላቱ ስለሆነ፣ አበሌ የሚሰላው በአዲሱ ደመወዝ ነው ወይስ በቀድሞው? በተጨማሪም ከደረጃዬ ከፍ ባለ መደብ በተጠባባቂነት ስለምሠራ በየወሩ አበል ይከፈለኛል። ይህስ ለጡረታ ይታሰብልኛል?

የሰው ሀብት ባለሙያ፦
በሁለቱም ብቻ አይደለም። በመንግሥት ሠራተኞች ጡረታ አዋጅ ቁጥር 1267/2014 መሠረት ስሌቱ የሚነሣው ከመጨረሻው ወር ደመወዝ ሳይሆን አገልግሎትዎ ከመቋረጡ በፊት ባሉት ሦስት ዓመታት ካገኙት ደመወዝ አማካይ ነው። ለመጀመሪያዎቹ 10 ዓመታት የአማካዩ 30 በመቶ ይታሰባል፤ ከዚያ በኋላ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት ለሲቪል ሠራተኛ 1.25 በመቶ ይጨመራል፤ ጣሪያው 70 በመቶ ነው። (ወደዚህ ጣሪያ ለመድረስ 42 ዓመት ማገልገል ያስፈልጋል፤ ስለዚህ አብዛኛው ሠራተኛ አይደርስበትም።)

ለማስረዳት ያህል የቀድሞው ደመወዝዎ 10,000 ብር፣ አዲሱ ደግሞ 16,000 ብር ነው እንበል። ዛሬ ቢወጡ 12 ወር በአዲሱ፣ 24 ወር በቀድሞው ስለሚቆጠር አማካዩ 12,000 ብር ይሆናል፤ የ30 ዓመት አገልግሎት 55 በመቶ ስለሚያስገኝ አበልዎ 6,600 ብር ነው። 60 ዓመት እስኪሞላዎ ቢቆዩ ግን 36ቱም ወራት በአዲሱ ደመወዝ ይሞላሉ፣ መቶኛውም 57.5 ይደርሳል፤ አበሉ 9,200 ብር ይሆናል። ልዩነቱ በየወሩ 2,600 ብር ሲሆን፣ ከዚህ ውስጥ ከተጨማሪው አገልግሎት የሚመጣው 400 ብር ብቻ ነው። ቀሪውን የሚያመጣው አማካዩ ነው። የዲግሪ ምሩቅ መነሻ ደመወዝ ከ6,940 ወደ 11,500 ብር ከፍ ባለበት በዚህ ወቅት፣ አዲሱ ደመወዝ ሦስት ዓመት ሳይሞላው የሚወጣ ሠራተኛ የጭማሪውን ጥቅም በከፊል ትቶ እንደሚሄድ ማወቅ አለበት።

የተጠባባቂነት አበሉን በተመለከተ፣ ለጡረታ የሚታሰበው መደበኛው የወር ደመወዝ ነው፤ የኃላፊነት፣ የትራንስፖርትም ሆነ የቤት አበል በስሌቱ አይገባም። ደመወዝ መክፈያው ላይ የእርስዎ 7 በመቶ መዋጮ ከየትኛው መጠን ላይ እንደሚቀነስ ይመልከቱ፤ መሥሪያ ቤቱም 11 በመቶ የሚከፍለው በዚያው መጠን ላይ ነው። መዋጮ ያልተቀነሰበት ገንዘብ አበል ሆኖ አይመለስም። በዕድገት ተመድበው ደመወዙ ራሱ ከተለወጠ ነገሩ ሌላ ነው።

ጡረተኛ መምህር፦
ማመልከቻ ከማስገባትዎ በፊት የግል ማህደርዎን አስወጥተው ይመርምሩ። በጊዜያዊነት ወይም በኮንትራት የሠሩት ዘመን ካለ፣ ጡረታው የሚመለከተው ቋሚ ሠራተኛን ስለሆነ ከ30ው ላይ ሊቀነስ ይችላል። ዕድሜም የሚያዘው መጀመሪያ ሲቀጠሩ በሞሉት የሕይወት ታሪክ ቅጽ ላይ እንደተመዘገበው ነው።

ሌላ አስተያየት ሰጪ፦
ስሌቱ ትክክል ቢሆንም ጠያቂው ስለ ጤንነታቸው የጻፉት ሊታለፍ አይገባም። ሥራ ለመሥራት አለመቻላቸው በሐኪሞች ቦርድ ከተረጋገጠ፣ ቢያንስ 10 ዓመት ያገለገለ ሠራተኛ በጤና ጉድለት ምክንያት የጡረታ አበል የማግኘት መብት አለው፤ በፈቃድ ከመልቀቅ በፊት ይህን መንገድ ሐኪምዎን ያማክሩበት። በሽታው ይህን ያህል ካልጸና ግን፣ የጡረታ አበል ለትዳር ጓደኛም ስለሚተርፍና የእርሷ ድርሻ ከእርስዎ አበል 50 በመቶ ስለሆነ፣ ዛሬ የሚያጡት የእርስዎ ብቻ አይደለም።

ጠያቂ፦
ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። መጀመሪያ የተቀጠርኩት በጊዜያዊነት እንደነበር አሁን ነው ያስታወስኩት፤ ማህደሬን ሳላይና ሐኪሜን ሳላማክር ማመልከቻውን አላስገባም። ከዚህ መሥሪያ ቤት በፊት በግል ድርጅት የሠራሁትስ ይደመርልኛል?

የሰው ሀብት ባለሙያ፦
የግል ድርጅት ሠራተኞች በጡረታ ዐቅድ መሸፈን የጀመሩት በ2003 ዓ.ም. ስለሆነ፣ ከዚያ በፊት የነበረው አይደመርም። እርስዎ ደግሞ በመንግሥት መሥሪያ ቤት ብቻ 30 ዓመት ስላለዎ የግል ድርጅቱ ዘመን ከዚያ አስቀድሞ ነው የሚውለው።