«አንክቹየስ» የሚለውን የእንግሊዝኛ ቃል ምን እንበለው?

ቃላት የምትወዱ፣ እባካችሁ አግዙኝ። እዚህ ሐዋሳ ለሬዲዮ ትረካ በሚተረጎም አጭር ልብ ወለድ ውስጥ አንድ ሻጭ «አንክቹየስ» ተብሏል። የቃሉ ሥር ላቲን ነው፤ «መቀባት» ከሚለው ግስ መጥቶ መጀመሪያ ቅባታም ማለት ነበር። ዛሬ ለሰው ሲነገር፣ ትሕትናው ወይም ሙገሳው ከልክ ያለፈና ከልብ ያልሆነ ማለት ነው። ለምግብ ሲሆን ግን ነቀፋ አይደለም፤ ወፍራም፣ ቅባት የጠገበ መረቅ ይሞገስበታል።

«ግብዝ» አልሆነም፤ ድምፁንና ፈገግታውን አያሳይም። «አስመሳይ» በጣም ሰፊ ነው። «አሽቃባጭ» ይቀርባል፣ ግን ለአለቃ የሚያጎበድድን እንጂ ደንበኛ የሚያባብልን አይመስልም። «አፈ ቅቤ ልበ ጩቤ» ቅባቱን አሳምሮ ይዞታል፤ ችግሩ ጩቤው ነው። ሻጩ መሸጥ እንጂ መጉዳት አይፈልግም፤ አድማጩ ግን ክፉ ነገር መጠበቅ ይጀምራል።

የጎደለው ዓረፍተ ነገር ይኸው፦ «እጆቹን እያሻሸ በ… ፈገግታ፣ ‹ጌታዬ፣ ይሄማ ለእርስዎ ካልሆነ ለማን ይሆናል?› አለ።» «ቅባታም ፈገግታ» ብንል ደግሞ ከንፈሩ ቅቤ የነካው ይመስላል።

ፈገግታን የሚገልጽ፣ ሲነበብ አፍ ላይ የማይከብድ፣ ከሦስት ቃል የማይበልጥ አባባል በየአካባቢያችሁ ካለ፣ ከነአገባቡ ጻፉልኝ።