ሶሻል ወርከሩ ከቀበሌ ወደ ምክር ቤት፦ ለደሴ ትርፍ ነው ኪሳራ?

ጦሳ፦ እንደምን ዋላችሁ ወገን። የዛሬው ክርክር ከሩቅ ይነሳል። አሜሪካዊቷ ፖለቲከኛ ዴቢ ስታቤናው በሶሻል ወርክ ማስተርሷን በሚሺጋን ግዛት የያዘችው እ.ኤ.አ. በ1975 ነው። አቅም ያጡ አረጋውያን የሚጦሩበት ቤት ሊዘጋ ሲል ተሟግታ አስቀረች፤ ፖለቲካ የገባችው በዚያ በር ነው። መጀመሪያ የካውንቲ ኮሚሽነር ሆነች፣ ከ1979 እስከ 1990 በግዛቱ ታችኛው ምክር ቤት፣ እስከ 1994 በላይኛው፣ በኋላም በአገሪቱ ሴኔት እስከ 2025። ደሴ ላይ ቤት ለቤት ሲዞሩ የሚውሉትን ሶሻል ወርከሮችስ ለክልሉ ምክር ቤት ብናጭ? እኔ ይግቡ ባይ ነኝ።

ቦርከና፦ ምሳሌህ ለኔ ነው የሚመሰክረው ወንድሜ። እሷ እ.ኤ.አ. በ1993 ትምህርት ቤቶች የሚተዳደሩበትን የንብረት ግብር ድራሹን የሚያጠፋ ማሻሻያ አቀረበች፤ አለፈም። ምትኩ ግን አልታሰበም ነበር። ቀዳዳው የተደፈነው በማግስቱ ዓመት ሕዝቡ ድምፅ ሰጥቶ የሽያጭ ታክስ ከ4 ወደ 6 በመቶ ሲወጣ ነው። እዚያ የግዛት ምክር ቤት እንዲህ ያለ ጡንቻ አለው። እዚህስ? የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ ከ2009 ሐምሌ ጀምሮ አለ። የሠራተኞቹ የወሊድ ፈቃድ፣ 30 ቀን ከወሊድ በፊት፣ 90 ቀን በኋላ፣ የተጻፈው በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ 1156/2011 ነው፤ አዋጁ የፌዴራል ነው። ባሕር ዳር የተቀመጠ ተመራጭ አንዲት ቀን አይጨምርላቸውም።

የሸዋ በሯ፦ የአሠሪና ሠራተኛው ልክ ነህ። የቤተሰብ ሕግን ግን ዘለልከው። የፌዴራሉ 213/1992 የሚሠራው ለአዲስ አበባና ለድሬዳዋ ነው፤ እኛ የምንዳኘው ክልሉ ባወጣው በ79/1995 ነው። የፍቺ ንብረት ክፍፍል፣ ሞግዚትነት፣ ጉዲፈቻ፣ ሶሻል ወርከር በየቀኑ የሚጋፈጠው ሁሉ እዚያ ውስጥ አለ፤ ማሻሻልም የክልሉ ምክር ቤት ሥልጣን ነው።

ሌላው የጤና መድን ነው። መክፈል ለማይችል አባወራ መዋጮውን የሚሸፍኑት ክልሉና ወረዳው ናቸው። ቀበሌ ይመለምላል፣ ነዋሪው ተሰብስቦ አስተያየት ይሰጣል፣ ዝርዝሩ ወደ ላይ ሄዶ ይጸድቃል። የሚበላሸው የት መሰላችሁ? ምልመላው የሚነሳው ከነዋሪነት መታወቂያ ነው። ጓሮ ያለች አንዲት ክፍል ተከራይታ የምትኖር፣ መሸኛ ያላመጣች እናት ስሟ ከመነሻው የለም። በ2014 ተፈናቅሎ የመጣውም እንደዚያው። ደግሞ ዝርዝሩ በዓመት አንዴ ነው የሚታደሰው፤ ከጸደቀ በኋላ ባሏ የሞተባት ዓመቱን ትጠብቃለች። ይህን የሚያውቅ ሰው በጀት ሲጸድቅ «በመካከል ለሚደኸየው መጠባበቂያ የታለ?» ይላል። የማያውቀው እጁን አውጥቶ ያጸድቃል።

ሰኞ ገበያ፦ እናንተ ስለሚሄደው ታወራላችሁ፣ ትቶት ስለሚሄደው ፋይልስ? የከተማ ሴፍቲኔት፣ ድሃው በከተማ ሥራ ተሰማርቶ የሚከፈልበት ፕሮግራም፣ በ2009 ሲጀመር ደሴ ከ11ዱ ከተሞች አንዷ ነበረች። በመጀመሪያው ዙር አንድ ሠራተኛ በመጀመሪያው ዓመት 60 ቀን፣ በሁለተኛው 40፣ በሦስተኛው 20 ቀን ነበር የሚሠራው፤ ከክፍያውም 20 በመቶ ይቆጠብ ነበር። የሥራ ቀኑ የሚቀንሰው በቁጠባው የራሳቸውን ሥራ ይጀምራሉ ተብሎ ነበር። በመካከሉ አንዱ ቢታመምስ? ሳይሠራ ወደሚከፈልበት ቀጥታ ድጋፍ እንዲዛወር ቤቱ ድረስ ሄዶ የሚያይ፣ የሕክምና ወረቀቱን የሚያያይዝ፣ ኮሚቴ ፊት የሚያቀርብ ሰው ይፈልጋል። ያ ሰው ለጉባኤና ለቅስቀሳ ከሄደ ታማሚው «ከሥራ ቀረ» ተብሎ ክፍያው ይቆረጣል። ክፋት እኮ አይደለም፣ የመገኛ ወረቀቱ ላይ ምልክት ስለሌለ ብቻ ነው።

ጦሳ፦ አብሽር ሰኞ ገበያ፣ አብዛኛው የክልል ምክር ቤት አባል መደበኛ ሥራው ላይ ሆኖ ለጉባኤ ነው የሚጠራው። ፋይሉ ወላጅ አልባ አይሆንም።

ቦርከና፦ እንዲያውም የባሰው እሱ ነው! ሥራው ላይ ሆኖ ከተወዳደረ፣ ትናንት «ስንት ሰው በልቶ ያድራል?» ብሎ ቤት የመዘገበው ሰው ዛሬ «ምረጡኝ» ብሎ ያንኑ በር ሊያንኳኳ ነው። ዝርዝሩ በእጁ እንዳለ የምታውቅ አሮጊት ምን ትበል? አንደበቱ ማር ቢሆንም እሷ የምትሰማው «ካልመረጥሽኝ ትሰረዢያለሽ» ነው።

የሸዋ በሯ፦ እዚህ ላይ እጄን ሰጥቻለሁ። ግን መላ አለው። እጩነቱ ከተመዘገበበት ቀን ጀምሮ ከምልመላም ከቅሬታ ሰሚም ኮሚቴ ይውጣ። ፋይሎቹን ቆጥሮ ለተተኪው በፊርማ ያስረክብ፤ በተለይ በእንጥልጥል ያለ ዝውውርና ሪፈራል ስም በስም ይጻፍ። ለቅስቀሳም የራሱን ቀጠና አይርገጥ፣ ሌላ ሰው ይሂድለት።

ሰኞ ገበያ፦ ተተኪው ከየት ይመጣል? ቅጥር በጀት ተይዞለት፣ ማስታወቂያ ወጥቶ፣ ፈተና ተፈትኖ እስኪያልቅ ምርጫው ያልፋል። በጎረቤት ቀበሌ ያለው ደርቦ ይያዝ ካልሽም፣ እሱስ የራሱን ቤቶች መቼ አዳረሰ?

ጦሳ፦ እንግዲያው እጩነቱ የሚታሰበው በጀት በሚያዝበት በሰኔ ይሁን፤ የተተኪው መደብ አብሮ ይጠየቅ። በዚህ የማይስማማ ካለ ይጻፍ።

ቦርከና፦ እኔ አለሁ። መደቡን የሚፈቅደው ማን ሆነና?