ግማሽ ነጥብ ስንት ነው? በካናዳ የነጥብ ሚዛን ላይ የተነሣ ክርክር

የሺምብጡ መምህር፦

ሰላም ለግሩፑ። ዛሬ አንድ ክርክር ላንሣ። ስድብ የለም፤ የምታውቁትን ይዛችሁ ኑ።

እሑድ ከሰዓት ከሥራ ባልደረባዬ ጋር ጣና ዳር ተቀምጠን ነበር። ቀረሶ ጥብስ አዝዘናል። ዓሳው መጥቶ ቀዘቀዘ፣ እሱ ግን አልነካውም። ከኪሱ የታጠፈ ወረቀት አውጥቶ ይደምራል። ዕድሜ 88። ማስተርስ 135። እንግሊዝኛ 116። ትምህርቱና የሥራ ልምዱ ከቋንቋው ጋር ተጣምረው የሚያስገኙት 50። ድምር 389። ወረቀቱ እጥፋቱ ላይ ሊቀደድ ደርሷል።

ለማታውቁት በአጭሩ ላስረዳ። ካናዳ ቋሚ ነዋሪ ለመሆን የሚያመለክቱ ባለሙያዎችን በነጥብ ትመዝናለች። አሠራሩ ኤክስፕረስ ኢንትሪ ይባላል፤ እ.ኤ.አ. በ2015 ነው የጀመረው። ጣሪያው 1,200 ነጥብ ነው። በየጊዜው ዙር ይወጣል፣ መቁረጫ ነጥብ ይነገራል፣ ያንን ያመጣ ይጠራል።

ጓደኛዬ ይህን ነገር ሲጀምር 30 ዓመቱ ነበር። ያኔ ለዕድሜው 105 ያገኝ ነበር። አሁን 33 ሞላው፤ 88 ሆነ። ቁጭ ባለበት 17 ነጥብ ሄደበት። ከ40 በኋላ ደግሞ በየዓመቱ 11 ይቀነሳል። 45 ላይ ዜሮ ነው።

እኔን የሚያንገበግበኝ ግን ሌላው ነው። አይልትስ የሚባለውን የእንግሊዝኛ ፈተና ሦስቴ ተፈትኗል። ማዳመጥ 8፣ ንባብ 7፣ ንግግር 7። ጽሑፍ 6.5። ሦስቱንም ጊዜ ጽሑፍ 6.5። እሷን 7 ቢያደርጋት የቋንቋ ነጥቡ በ8 ያድጋል። በዚያ ላይ ያ 50 የነበረው 100 ይሆናል፤ ምክንያቱም ሙሉው የሚሰጠው አራቱም ክህሎቶች የተባለው ደረጃ ላይ ሲደርሱ ብቻ ነው። ድምሩ 447 ይገባ ነበር። ድርሰት ላይ ግማሽ ነጥብ ጎደለችው፣ 58 ነጥብ ይዛበት ሄደች። ይህ ሰው እኮ ስምንት ዓመት ሙሉ ሃይድሮሊክስ በእንግሊዝኛ ያስተማረ ነው!

አቋሜን ልናገር። ሚዛኑ ፍትሐዊ አይደለም። ሙያን እለካለሁ ይላል፤ የሚለካው ግን ፈተና የመፈተን አቅምን ነው። እናንተስ?

የፖሊ ልጅ፣ ከኤድመንተን፦

መምህር፣ የጓደኛህ ነገር ያሳዝናል። ግን አልስማማም።

ከነጥቡ በፊት ምን ነበር? ካናዳ ለረጅም ጊዜ ሰው የምትመርጠው በትውልድ አገሩ ነበር። አውሮፓዊ ይቀድማል፣ ሌላው ይቆያል። እ.ኤ.አ. በ1962 ያ አሠራር ተነሣ። በ1967 የነጥብ ሥርዓቱ መጣ፤ በዓለም የመጀመሪያው እሱ ነው። አውስትራሊያም የነጭ አውስትራሊያ ፖሊሲዋን ጠቅልላ የተወችው በ1973 ነው። እኔ ባሕር ዳር ፖሊ ቴክኒክ ተምሬ እዚህ መሐንዲስ ሆኜ የገባሁት ሠንጠረዡ ስለ መልኬ ስላልጠየቀኝ ነው።

ተራ መጠበቅም ተሞክሯል። ከኤክስፕረስ ኢንትሪ በፊት ቀድሞ ያመለከተ ቀድሞ ይታይ ነበር። ፋይሉ ተቆለለ። እ.ኤ.አ. በ2012 መንግሥት ከየካቲት 2008 በፊት አመልክተው ውሳኔ ያላገኙ 280 ሺህ ገደማ ሰዎችን ጉዳይ ዘጋው። ገንዘባቸውን መለሰና አሰናበታቸው። እነዚያ ዓመታት ግን አልተመለሱላቸውም። አሁን ቢያንስ የት እንደቆምክ ማታ አልጋህ ላይ ሆነህ በስልክህ ደምረህ ታውቃለህ።

ፈተናውም ለእኛ ብቻ የተቆለለ አይደለም። ለንደን ተወልዶ ያደገ እንግሊዛዊም በዚህ መንገድ ካመለከተ ይፈተናል።

አንድ ነገር ልጨምር። አገር ቤት ሳለሁ ለአንድ የሥራ መደብ ተወዳድሬ ነበር። ስንት እንዳመጣሁ ዛሬም አላውቅም። ያለፈው ሰው ስም ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ተለጠፈ፣ በቃ። እዚህ ግን እያንዳንዷን ነጥብ አውቄ ነው የመጣሁት። ይህ ለእኔ ቀላል ነገር አይደለም።

ገና 26፦

እኔም ከፖሊው ልጅ ጋር ነኝ። እናቴ በየዓመቱ ዲቪ ታስሞላኛለች። ዲቪ ዕጣ ነው። 12ኛን የጨረሰ ሁሉ እኩል ነው፤ ብትተጋም ባትተጋም ያው ነው። ነጥብ ግን ይሠራበታል።

እኔ ፈረንሳይኛ ጀምሬያለሁ። ሌሊት 11 ሰዓት እነሣለሁ፤ ኔትወርኩም ያን ሰዓት ይሻላል። አራቱንም ክህሎቶች በካናዳ የቋንቋ መለኪያ ደረጃ ሰባት ካደረስኩ በእንግሊዝኛዬ ላይ 62 ነጥብ ይጨመርልኛል። እሱ ብቻ አይደለም። መጋቢት 2025 እ.ኤ.አ. ለፈረንሳይኛ ተናጋሪዎች ብቻ በወጣው ዙር መቁረጫው 379 ነበር። በዚያው ዓመት ካናዳ ውስጥ የሥራ ልምድ ላላቸው የሚወጣው ዙር ከ500 በላይ ነው የሚቆርጠው። መምህር፣ የጓደኛህ 389 እኮ ለዚያኛው ይበቃ ነበር! የጎደለው ፈረንሳይኛ ነው።

ሲስተር፦

ሁላችሁንም አነበብኩ። ማታ ተረኛ ነበርኩ፣ አሁን ነው ቤት የገባሁት።

"ይሠራበታል" ያልከው ላይ ልናገር ወንድሜ። እኔ አማርኛ አለኝ፣ አገውኛ አለኝ፣ እንግሊዝኛ አለኝ። ከአዊ ከሚመጡት እናቶች አማርኛ የማይሰሙ አሉ። ምጥ ላይ ያለች ሴት አጥብቃ ትይዘኛለች፤ ጥፍሯ ክንዴ ላይ ይቀራል። በቋንቋዋ ሳነጋግራት ትከሻዋ ይረግባል። እጇም ላላ ይላል። ከዚያ በኋላ ነው ሥራችንን የምንሠራው። በሠንጠረዡ ላይ ግን አገውኛ ዜሮ ነው። ይገባኛል፣ ለካናዳ አገውኛ ምን ያደርግላታል? ግን ሙያን ይመዝናል አትበሉኝ። ለእነሱ የሚጠቅማቸውን ነው የሚመዝነው።

እሺ፣ ነጥቡን አገኘሁ እንበል። የዲግሪዬ ግምገማ ወጣ፣ 120 ተሰጠኝ፣ ገባሁ። ከዚያስ? ነርስ ሆኜ ልሠራ ነው? አይደለም። ፈቃድ የሚሰጠው የየክፍለ ግዛቱ ተቆጣጣሪ ነው፣ እሱ የራሱ መንገድ አለው። ትምህርቴን እንደገና ያስገመግማል። ኤንክሌክስ የሚባለውን ፈተና ያስፈትናል። አብራኝ የተመረቀች ልጅ ይኸው ሁለተኛ ዓመቷ ነው፣ አረጋውያን ታጥባለች። ክቡር ሥራ ነው፣ አልናቅኩትም። ግን እሷ እዚህ አዋላጅ ነበረች። ዲግሪዋ ለመግቢያ ተቆጠረላት፣ ለሥራ አልተቆጠረላትም። መምህር፣ የሚዛኑ ትልቁ ግፍ ለእኔ ይህ ነው፤ ከ6.5ቷ ይበልጥብኛል።

እኛ ክፍል ከዓምና ወዲህ ሦስት ሰው ለቋል። ተረኛ ስሆን ሁለት ሆነን የምንይዘውን አሁን ብቻዬን የምይዝበት ሌሊት አለ። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2023 የጤና ባለሙያ እጥረት የጸናባቸውን 55 አገሮች ዝርዝር አውጥቷል፤ ኢትዮጵያ አለችበት። ከእነዚህ አገሮች ባለሙያ እየዞራችሁ አትመልምሉ ይላል። ሰው በራሱ ካመለከተ ግን አይከለክልም። ነጥቡ እኮ በራስህ አመልክት ነው የሚለው። ለጤና ባለሙያ ብቻ ዙር እየወጣ፣ መቁረጫውም ከሌላው ዝቅ እያለ፣ ይህ ምልመላ ካልሆነ ምን ልንለው ነው?

የፔዳው ጋሼ፦

ልጆቼ፣ ጽሑፋችሁን መነጽሬን አድርጌ ቀስ ብዬ ነው ያነበብኩት።

እኔ ፔዳ፣ የባሕር ዳሩ የመምህራን ማሠልጠኛ፣ የተማርኩት ገና አካዳሚ ሳለች ነው። አንድ መምህር ለማውጣት ምን እንደሚጠይቅ አውቃለሁ። ታዲያ ያንን የዕድሜ ሠንጠረዥ ልጄ ስልኳ ላይ አሳየችኝ። ከ20 እስከ 29 ሙሉ 110። አየሁት፣ ደግሜ አየሁት። ገና ተመርቆ የወጣ፣ ጉልበቱ ያልተነካ፣ ብዙ ዓመት ግብር የሚከፍል ሰው ነው የሚፈልጉት። ክትባቱን፣ ደብተሩን፣ መምህሩን፣ ዶርሙን ሌላ አገር ችሎታል። ልጁ ፍሬ ሲያፈራ እነሱ ቅርጫት ይዘው መጡ። ያሳደገው አገር በዚያ ሠንጠረዥ ላይ የት ቦታ ነው ያለው? አንድም ረድፍ የለውም።

ይህን ያነሣሁት እኔ የመጀመሪያው አይደለሁም። ህንድ የተወለደው የኢኮኖሚ ሊቅ ጃግዲሽ ባግዋቲ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ አንሥቶታል። የተማረ ሰው ሲሰደድ ከሚያገኘው ላይ የተወሰነ ግብር ለታዳጊ አገሮች ይድረስ አለ። ሰሚ አላገኘም።

እኔ ልጆች አትሂዱ አልልም። የራሴም ልጅ ሄዷል። ነጥብ ሲቆጠር ግን ያሳደገቻቸውን አገር አልረሳም።

ገና 26፦

ጋሼ፣ በጣም አከብርዎታለሁ። ግን ግብሩን ለምን እኔ እከፍላለሁ? ወጪ መጋራት ፈርሜያለሁ እኮ። ኦፊሻል ትራንስክሪፕት ለግምገማ ላስልክ ብዬ ስሄድ መጀመሪያ ዕዳህን ክፈል ተባልኩ። ከፈልኩ። ደረሰኙ አለ። ከዚያም ፖስታው ታሽጎ እስኪወጣ አራት ወር ተመላለስኩ። ዛሬ ሰውየው የለም፣ ነገ ማኅተሙ የለም። አገሬ ያስተማረችኝን ከፍዬ ነው የምወጣው።

ሲስተር፦

ሙሉውን አልከፈልክም ወንድሜ። ደንቡ ምግብና መኝታውን ሙሉ፣ ከትምህርቱ ወጪ ግን ቢያንስ 15 ከመቶውን ነው የሚያስከፍለው። ቀሪው የማን ነው? የገበሬው ነው። የእናትህም ነው።

የፔዳው ጋሼ፦

አየህ ልጄ፣ አንተ ክፈል አላልኩም። ወሳጁ አገር ይክፈል ነው የምለው። አንድ ነርስ ሲወስዱ እዚህ ሁለት ነርስ የሚያስተምር ገንዘብ ለነርሲንግ ትምህርት ቤት ይስጡ። ነጥብ መቁጠር ከቻሉ ይህንንም መቁጠር አያቅታቸውም።

የፖሊ ልጅ፣ ከኤድመንተን፦

ጋሼ፣ እዚህ ላይ እጄን እሰጣለሁ። ወሳጁ ይክፈል የሚለውን እደግፋለሁ፣ በሙሉ ልቤ። ሲስተር ያለችውም እውነት ነው። እኔ ራሴ የምህንድስና ፈቃዴን እስካገኝ መጋዘን ውስጥ ካርቶን አነሣ ነበር። ሥርዓቱም ይህን ያውቃል። ለዚህ ነው ካናዳ ውስጥ ለተሠራ አንድ ዓመት 40 ነጥብ የሚሰጠው፣ ክፍለ ግዛት ለመረጠው ሰው ደግሞ 600። እሱን ያገኘ አለቀለት ማለት ነው። የሥራ ቅጥር ደብዳቤም 50 ወይ 200 ነጥብ ያሰጥ ነበር። ደብዳቤው መሸጥ መለወጥ ጀመረና መጋቢት 2025 ላይ ነጥቡን አነሡት። ስለዚህ ወገኖቼ፣ ደብዳቤ አስገኝልሃለሁ፣ ነጥብህ ይጨምራል የሚላችሁ ደላላ ካለ ሸሹት። ዛሬ ለነጥብ አይጠቅምም።

የማልቀበለው አንድ ነገር ነው። ፍትሐዊ ካልሆነ ይቅር ብንል በቦታው ምን ይመጣል? ዘመድ ያለው ይቀድማል። ወይም ገንዘብ ያለው።

የሺምብጡ መምህር፦

ገንዘብማ አሁንም አለበት። ለብቻው የሚሄድ ሰው ባንክ ውስጥ ከ15 ሺህ የካናዳ ዶላር በላይ ማሳየት አለበት። በሐምሌ 2016 ዓ.ም. ብሩ በገበያ ይመራ ከተባለ በኋላ ያ ገንዘብ ሚሊዮንን ያለፈ ብር ነው። አስተማሪ ይህን ከየት ያመጣል? ጓደኛዬ አባቱ ዳንግላ ያለውን ቦታ ሊሸጡለት ነው። አይልትሱንም አዲስ አበባ እየሄደ ነው የሚፈተነው። በመኪና መንገዱ ስለሚያሳስብ ሦስቴም በአውሮፕላን ነው የሄደው። አንዷ 6.5 የወር ደመወዙን ይዛ ነው የምትሄድ።

ቢሆንም አቋሜን አንድ ቦታ ላይ አስተካክላለሁ። የተጻፈ ሚዛን ካልተጻፈ ሚዛን ይሻላል። የፖሊው ልጅ ያን የማስታወቂያ ሰሌዳ ሲያነሣ የማውቃቸው ብዙ ሰዎች ትዝ አሉኝ። የምቃወመው መጻፉን አይደለም። አራት ፈተና ተፈትኖ ሦስቱን ያለፈ ሰው በአንዱ ግማሽ ነጥብ የሌላውን ሁሉ ጥቅም ማጣቱን ነው። 8 ይቀነስበት፣ እሺ። 58 ለምን?

ያላችሁትን ሁሉ ትናንት ማታ አነበብኩለት። የጋሼን ሲሰማ ዝም አለ። የሲስተርን ሁለቴ አስነበበኝ። ከዚያ ስልኩን አወጣና ቀን መቁጠሪያውን አሳየኝ። ጥር ላይ 34 ይሞላዋል፤ 88ቷ 83 ትሆናለች። የመጨረሻው ፈተናው ደግሞ ሚያዝያ ላይ ሁለት ዓመት ይሞላዋል። ከዚያ በኋላ 8ቱም፣ 7ቱም፣ 6.5ቷም አይሠሩም።

የፖሊ ልጅ፣ ከኤድመንተን፦

መምህር፣ 447 ቢያመጣ ራሱ በአጠቃላዩ ዙር እንደማይጠራ ያውቃል አይደል? በክፍለ ግዛት በኩል ካልሆነ ከባድ ነው።

የሺምብጡ መምህር፦

ያውቃል። እሷን 7 ሳላያት አልተውም ነው የሚለው።

የፖሊ ልጅ፣ ከኤድመንተን፦

እንግዲያው ድርሰቶቹን ይላክልኝ። በሳምንት ሁለት አርምለታለሁ። እኔም ጽሑፍ ነበር የያዘኝ። ችግሬ ቋንቋው አልነበረም። ሐሳቤን እንደ አማርኛ ዙሪያውን ዞሬ ነበር የምደርስበት፤ እነሱ የመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር ላይ ነው የሚፈልጉት። በ40 ደቂቃ ይጻፈው፣ ሰዓት ይዞ፣ በእጁ። ፎቶ አንሥቶ ይላከው።

የሺምብጡ መምህር፦

አጠገቤ ነው። ወረቀት እየፈለገ ነው።