እናቴን ሎወር ኢስት ሳይድ ልወስዳት ነው፤ ጾመኛ ናት፣ ምን ትቅመስ?

ሰላማዊት (ሲልቨር ስፕሪንግ)፦

ሰላም ወገኖቼ። እናቴ ከአዲስ አበባ መጥታ እኔ ጋ ናት፤ ፍልሰታንም እዚሁ ልትጾም ነው። ኒው ዮርክን ሳላሳያት ብትመለስ አንጀቴ አይችልም። እሷ ግን ፎቅ አንጋጦ ማየት አትፈልግም፣ «ሰው የኖረበትን አሳይኝ» ነው የምትለኝ። መርካቶ ውስጥ 30 ዓመት በእግር መኪና ልብስ እየሰፋች ነው ያሳደገችን፣ ዓይኗ የሚያርፈው ሰው ሲሠራ ነው።

አንድ የሥራ ባልደረባዬ ማንሃተን ውስጥ ሎወር ኢስት ሳይድ የሚባለውን የድሮ የአይሁድ ስደተኞች ሰፈር ከአስጎብኚ ጋር በእግር እየዞሩ፣ ታሪክ እየሰሙና ምግብ እየቀመሱ የሚያዩበት ጉብኝት አለ አለችኝ። ሦስት ሰዓት ገደማ ይፈጃል። ነገሩ ደስ ብሎኛል፤ ግን ሦስት ነገር ያስጨንቀኛል። አንደኛ፣ ጾም ላይ ሆና ምን ትቀምሳለች? ከጾምም ውጪ ቢሆን የማታውቀው ሰው ያረደውን ሥጋ አትበላም። ሁለተኛ፣ ቅዳሜ ይሻላል እሑድ? ሦስተኛ፣ ጉልበቷን ያማታል። የሄደ ሰው ካለ እባካችሁ እንደ እናታችሁ አድርጋችሁ ምከሩኝ።

የብሮንክሱ ሹፌር፦

ሰላም እህቴ፣ እናትሽን እንኳን ደህና መጡ በይልኝ። እኔ 19 ዓመት ኒው ዮርክ ውስጥ ታክሲ ነድቻለሁ፤ ያንን ሰፈር በመኪና ሺህ ጊዜ አልፌው በእግሬ የረገጥኩት ግን ከ11 ዓመት በኋላ ነው። ከዚያ ወዲህ ከአገር ለሚመጣ እንግዳ ሁሉ መጀመሪያ የማሳየው እሱን ሆኗል። ውሰጃቸው፣ አታመንቺ።

ከቀኑ ልጀምር። እሑድ ይሁን። ቅዳሜ ሰንበታቸው ነውና ሰንበት አክባሪ ሱቆች ከዓርብ ምሽት ጀምሮ ይዘጋሉ፣ የኤልድሪጅ ጎዳና ምኩራብም ቅዳሜ ለጎብኚ ክፍት አይደለም። ድሮም ሰፈሩ የሚደምቀው እሑድ ነበር። ቅዳሜ የዘጋው ነጋዴ እሑድ ሲከፍት፣ ኦርቻርድ ጎዳና ልክ እንደ ቅዳሜ መርካቶ ይሆን ነበር።

አሁን ወደ ጾሙ። «ፓርቭ» የሚለውን ቃል ያዢልኝ። ኮሸር የሚባለውን የአይሁድ የምግብ ሕግ በሚጠብቁ ሱቆች ሥጋና ወተት አይገናኙም፤ ሥጋም ወተትም የሌለበትን ምግብ ፓርቭ ይሉታል። የእኛ ሰው ይህን ሲሰማ «የጾም ማለት ነው» ብሎ ይበላል። አይደለም! ፓርቭ ውስጥ እንቁላልና ዓሣ ሊኖር ይችላል። ስለዚህ ፓርቭ መሆኑን ካረጋገጥሽ በኋላ «እንቁላል አለው?» ብለሽ ጠይቂ። ይህን ሳላውቅ አንድ ጊዜ አክስቴን በዓቢይ ጾም እንቁላል ያለበት ኬክ አብልቻቸው፣ ሳውቅ ሌሊቱን እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ለእናትሽ የምመኝላቸው ቢያሊን ነው። ግራንድ ጎዳና ላይ በፈረንጆች አቆጣጠር ከ1936 ጀምሮ የሚጋግር ኮሳርስ የሚባል ዳቦ ቤት አለ። ቢያሊ ከዱቄት፣ ከውሃ፣ ከጨውና ከእርሾ የሚሠራ ክብ ዳቦ ነው። መሐሉ በጣት ተጭኖ ይጎደጉድና የተከተፈ ሽንኩርት ይደረግበታል። ቤግል የሚባለው መሐሉ ቀዳዳ የሆነ ዳቦ መጀመሪያ ይቀቀላል፣ ቢያሊ ግን በቀጥታ ምድጃ ነው የሚገባው፤ ትኩሱን ከበሉት ጠርዙ ለስለስ፣ መሐሉ ደግሞ ቀጭንና ኩርሽም የሚል ነው። ስሙ ቢያሊስቶክ ከምትባለው የፖላንድ ከተማ የመጣ ነው። የከተማዋን አይሁድ ናዚዎች ጨረሷቸው፣ ዳቦው ግን ቀድመው በተሰደዱት እጅ እዚህ ተርፎ አለ። እኔ ይህን የሰማሁት ዳቦውን ይዤ ቆሜ ነው፤ ጉርሻዬን መዋጥ አቃተኝ።

ከዚያው አጠገብ ፒክል ጋይስ የሚባሉት በርሜል ደርድረው ትንንሽ ኪያር በጨው ውሃ፣ በነጭ ሽንኩርትና በቅመም ያብላላሉ። ጥቂት ቀን የቆየው አረንጓዴ ሆኖ ይቀራል፣ ብዙ የቆየው ይጠቁርና ይኮመጥጣል። የስናፍጭና የስልጆ ኩምጣጤ የለመደ ምላስ ወዲያው ይወዳቸዋል። ክኒሽም አለ፣ በስስ ሊጥ የተጠቀለለ ድንች። ዮና ሺመል የሚባለው ቤት ሂውስተን ጎዳና ላይ ከ1910 ጀምሮ ይሠራዋል። እዚህ ግን የእንቁላሉን ጥያቄ እንዳትረሺ።

ካትስ የሚባለው ከ1888 ጀምሮ ያለው ቤት የፓስትራሚ ነው፣ እናትሽ አይበሉም። አንቺ ከጾሙ በኋላ ተመለሺበት። ፓስትራሚ በጨው ውሃ የቆየ፣ ቁንዶ በርበሬና ድንብላል ለብሶ የታጠነ የበሬ ሥጋ ነው። በር ላይ ቲኬት ይሰጡሻል፣ ያዘዝሽው ሁሉ እሱ ላይ ይጻፋል፤ ከጣልሽው ቅጣት አለው። ብዙ ሰው ኮሸር ይመስለዋል፣ አይደለም፤ ሥጋና አይብ አብሮ ይሸጣል።

አሁን ዋናውን ልንገርሽ። እናትሽ ልብስ ሰፊ ከሆኑ ኦርቻርድ ጎዳና ቁጥር 97 ግድ ነው። በ1863 የተሠራ የኪራይ ቤት ነው፣ አሁን ቴነመንት ሙዚየም ይባላል። ከ20 በላይ አገር የመጡ ወደ 7 ሺህ የሚጠጉ ሰዎች በየዘመናቸው ኖረውበታል። በ1935 ባለቤቱ አዲሱን የቤቶች ሕግ ለማሟላት ከማደስ ይልቅ ተከራዮቹን አስወጥቶ የላይኞቹን ፎቆች ዘጋቸው፤ ከ50 ዓመት በላይ እንደተዘጋ ቆይቶ በ1988 ተገኘ። የግድግዳው ወረቀት ንብርብር እስከዛሬ ይታያል። አንዱ ቤት ሦስት ክፍል ሆኖ በጠቅላላው 30 ካሬ ሜትር ነው። በ1890ዎቹ ሌቪን የሚባል ቤተሰብ ከነልጆቹ እዚያው እየኖረ፣ ሠራተኛ ቀጥሮ ቀሚስ ይሰፋ ነበር። ማድ ቤቱ ምድጃ ላይ ካውያ ይሞቃል፣ ከጎኑ ወጥ ይሠራል። እኔ ብሮንክስ እንደገባሁ አምስት ሆነን ባለ አንድ መኝታ ቤት ተከራይተን በተራ እንተኛ ነበር፤ ያን ክፍል ሳይ ለማንም የማላወራው ዘመን ፊቴ ቆመ።

ሌላው ደግሞ እድራቸው ነው። ከአንድ ከተማ የመጡ ሰዎች «ላንድስማንሻፍት» የሚባል ማኅበር ያቋቁማሉ፣ ወርኃዊ መዋጮ አለ፣ የታመመ ይጠየቃል፣ የሞተ ይቀበራል፤ የመቃብር ቦታ እንኳ በማኅበሩ ስም ይገዛል። አስጎብኚው ይህን በእንግሊዝኛ ሩብ ሰዓት ሲያብራራ እኔ በሆዴ «እድር» ብዬ ጨርሼው ነበር። ከካናልና ከኦርቻርድ መገናኛው ላይ ያለውን ያርሙሎቭስኪ ባንክም አሳዪያቸው። 12 ፎቅ ሆኖ በ1912 ተሠራ። በ1914 የአውሮፓው ጦርነት ሲነሳ፣ ዘመዱ ጦርነት መሐል የቀረበት ሁሉ ገንዘብ ሊልክ ያስቀመጠውን ለማውጣት ተሰለፈ፣ ባንኩም ያን ጊዜ ወደቀ። የድሆች ቁጠባ ነው አብሮ የተቀበረው። ሐዋላ የሚልክ ሰው ያን ሕንፃ ዝም ብሎ አያልፈውም።

ስለ ጉልበታቸው፦ መንገዱ ሜዳ ነው፣ የሚያስቸግረው የቁጥር 97 ደረጃ ነው። ጠዋት ሂዱ፣ የነሐሴው ሙቀት ከባድ ነው። መጨረሻው ኤልድሪጅ ጎዳና ቁጥር 12 ያለው ምኩራብ ይሁን፤ እዚያ አግዳሚ ላይ ያርፋሉ። እዚያ ስትገቢ ጣሪያውን ሁሉም ሰው ያያል፤ አንቺ ወለሉን አሳዪያቸው።

ሐመረ (ኩዊንስ)፦

ወንድማችን ሁሉንም ብለኸዋል፣ እኔ ሁለት ነገር ብቻ ልጨምር። እኔ የሄድኩበት ጉብኝት 30 ሰው ነበረው፤ አስጎብኚው እየሮጠ ከኋላ ያለነው የበላነውን እንጂ የተባለውን ሳንሰማ ተመለስን። ሰላማዊት፣ ከመክፈልሽ በፊት ስንት ሰው እንደሚሆን ጠይቂ፤ ከ12 በላይ ከሆነ ለእናትሽ አይሆንም። የጾም እንግዳ እንዳለሽም ቀድመሽ ጻፊላቸው፣ ቅምሻውን ይቀይሩልሻል።

ሁለተኛው፣ ስለ 1902ቱ አድማ እንዲነግሯችሁ አስጎብኚውን ለምኚ። የኮሸር ሥጋ ዋጋ ለአንድ ፓውንድ (ግማሽ ኪሎ ገደማ) ከ12 ሳንቲም ወደ 18 ሳንቲም ሲዘል፣ የሰፈሩ እናቶች ናቸው «አንገዛም፣ አናስገዛም» ብለው መንገድ የወጡት። ቤት ለቤት እየዞሩ አስተባበሩ፣ ምኩራብ ድረስ ገብተው ወንዶቹ እንዲያግዙ ጠየቁ፣ ብዙዎቹም ታሰሩ። እንግሊዝኛ በቅጡ የማይናገሩ፣ አብዛኛውን ቀን ምድጃ ሥር የሚውሉ ሴቶች! እኔ የሄድኩበት አስጎብኚ ይህን በአንድ ዓረፍተ ነገር አለፈው፤ እስከዛሬ ይቆጨኛል።

ብርሃኔ (ነታንያ)፦

ከእስራኤል ነው የምጽፈው፣ ቤተ እስራኤል ነኝ። በ1991 በሰሎሞን ዘመቻ ሕፃን ሆኜ ነው የመጣሁት። ዓምና እኅቴ ጋ ኒው ዮርክ ስሄድ ይህንኑ ሰፈር አይቻለሁ። እኔ ያደግሁት በሰንበት ዳቦ፣ በስግድና በቄሶቻችን ጸሎት ነው፤ ሄሪንግ የሚባለው ዓሣም ይዲሽ የሚባለው የአውሮፓ አይሁድ ቋንቋም የቤቴ አልነበሩም። ራስ ኤንድ ዶተርስ የሚባለው ሱቅ ቆሜ የዓሣውን ዓይነት ስመለከት እንግዳ ነበርኩ። የሱቁ መሥራች ራስ የጀመረው እያዞረ በመሸጥ ነው፤ በ1914 ሱቅ ከፈተ፣ ኋላም ሦስት ሴቶች ልጆቹን ባለድርሻ አድርጎ «ራስና ሴቶች ልጆቹ» ብሎ ሰየመው። በዚያ ዘመን «ራስና ወንዶች ልጆቹ» ነበር የሚባለው። እኔ ራሴ የሴቶች ልጆች እናት ነኝና ታፔላው ሥር ፎቶ ተነሳሁ። ሰላማዊት፣ እናትሽ ባይበሉም ታፔላውን አንብቢላቸው።

ሰላማዊት (ሲልቨር ስፕሪንግ)፦

ወገኖቼ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። እሑድ ሄደን ትናንት ማታ ተመለስን። ዘጠኝ ሰው ብቻ ነበርን።

ቢያሊውን ወደደችው። መጀመሪያ ገልብጣ ሥሩን አየች፣ ከዚያ አሸተተችው፣ ከዚያ ቆርሳ ለእኔ አጎረሰችኝ። «ሽንኩርቱን ቀድመው አላበሰሉትም፣ ምድጃው ነው ያበሰለው» አለች። ኪያሩን ግን አልቻለችውም፣ አንዴ ነክሳ በጨዋ ደንብ ለእኔ አቀበለችኝ።

ሌቪኖች ቤት ስንገባ ሌሎቹ ሰዎች ስለ ጥበቱ እያዘኑ ነበር። እሷ ቀጥታ መስኮቱን ነው ያየችው። የስፌት መኪናው ጎዳናውን ከሚያየው መስኮት አጠገብ ነው ያለው። «ትክክል ነው፣ ብርሃኑ ከዚህ ነው የሚመጣው፤ ጥቁር ጨርቅ በጥቁር ክር የሚሰፋው እዚህ ብቻ ነው» አለችኝ። ለአስጎብኚዋ ተረጎምኩላት። ልጅቷ «እናትሽን ሌላም ጠይቂልኝ» ብላ ቡድኑን አቆመች፣ እናቴም ስለ ካውያ ሙቀትና ስለ ጥጥ ልብስ አምስት ደቂቃ ያህል አስረዳች። ከአገሯ ከወጣች ጀምሮ እንደዚያ ቀና ብላ ስታወራ አላየኋትም።

ምኩራቡ ውስጥ እንዳልከው ወለሉን አሳየኋት። እንጨቱ አግዳሚዎቹ ፊት ፊት ጎድጉዷል፣ በ1887 ከተከፈተ ጀምሮ ቆመው እየተወዛወዙ የጸለዩ ሰዎች እግር ነው የበላው። ቤቱን 20 ዓመት ፈጅተው ሲያድሱት ያንን እንዳለ ትተውታል። ማንም ሳይጠይቃት ጫማዋን አወለቀች። አንዱ ጉድጓድ ላይ ቆመችና ዓይኗን ጨፈነች፣ እኔም ዝም አልኩ። ስትጨርስ «ቆመው ነው እንጂ ተቀምጠው አልጸለዩም» አለች።

ጉልበቷን ለጠየቃችሁኝ፦ የቁጥር 97ን ደረጃ ሁለቴ እያረፈች ወጥታዋለች። ስንመለስ አውቶቡስ ውስጥ እግሯን ጭኔ ላይ አድርጋ ነው የመጣችው፤ ስድስት ቢያሊ በነጠላዋ ጠቅልላ ይዛለች፣ ሁለቱ ለነፍስ አባቷ ናቸው።