የኮሚሽን ሂሳብ፦ ቫቱ ይቀነሳል ወይስ ይካፈላል?

የመጋላዋ
ሰላም የድሬ ልጆች። እዚሁ ድሬዳዋ፣ ታይዋን የሚባለው ገበያ አካባቢ የቤት ዕቃ መሸጫ ውስጥ ነው የምሠራው። ደሞዜ 6,000 ብር ነው። ኮሚሽኑ ደግሞ እስከ 100,000 ብር ሽያጭ ድረስ 2 ፐርሰንት፣ ከዚያ ለሚያልፈው 5 ፐርሰንት። ውሉ "ከቫት በፊት ባለው ዋጋ" ይላል። በዚህ ወር ከነቫቱ የ172,500 ብር ዕቃ ሸጥኩ፣ ሂሳብ ሠራተኛዋ 4,331 ብር ከ25 ሳንቲም ኮሚሽን አሰበችልኝ። ከየት እንደመጣ አልገባኝም። ልክ ነው?

የከዚራ ልጅ
አቦ ልክ አይደለም! ከ172,500 ላይ 15 ፐርሰንት ቫት ብላ ቀንሳ፣ በቀረው 146,625 ነው ያሰበችልሽ። ክፋት አይመስለኝም፣ ብዙ ሰው እዚህ ጋ ይሳሳታል። 15 ፐርሰንቱ የተጨመረው ግን በዋናው ዋጋ ላይ እንጂ በድምሩ ላይ አይደለም። አንድ ደረሰኝ አውጥተሽ እዪ። በ2,300 ብር የተሸጠ ብርድ ልብስ ከሆነ ዋጋው 2,000፣ ቫቱ 300 ተብሎ ለየብቻ ታትሟል። የ2,300 አሥራ አምስት ፐርሰንት ግን 345 ነው፣ አይገጥምም። ድምሩ የዋናው ዋጋ 1.15 እጥፍ ነው፣ ስለዚህ ለ1.15 ማካፈል ነው።

172,500 ÷ 1.15 = 150,000

የመጀመሪያው 100,000 ላይ 2,000 ብር፣ የቀረው 50,000 ላይ 2,500 ብር፣ ባጠቃላይ 4,500። 168 ብር ከ75 ሳንቲም ጎድሎብሻል፣ ሄደሽ ጠይቂ።

ሳቢያን
150,000 ከደረሰች 5 ፐርሰንቱ ለሁሉም አይታሰብም እንዴ? እኛ ጋ እንደዚያ ነው፣ 7,500 ይሆናል።

የከዚራ ልጅ
እንደ ውሉ ነው። የእሷ "ለሚያልፈው" ስለሚል ከ100,000 በላይ ላለው ብቻ ነው።

መምህሩ
በቀመር ያዢው እህቴ፣ በየወሩ አትቸገሪም። ከቫት በፊት ያለውን ሽያጭ "ሸ" እንበለው። ከ100,000 ካለፈ ገቢሽ፦

6,000 + 2,000 + 0.05 × (ሸ − 100,000)

ቅንፉ ሲፈታ 0.05ሸ + 3,000 ይሆናል። ካላለፈ ግን ይሄ አይሠራም፣ ያኔ 6,000 + 0.02ሸ ነው።

የመጋላዋ
ተባረኩ! ደረሰኞቹን አየሁ፣ እውነትም ለየብቻ ነው የተጻፈው። ነገ ይዤላት እገባለሁ። መምህር፣ የሚቆራረጠው ሳይቆረጥ 15,000 እንዲሞላልኝ ስንት መሸጥ አለብኝ?

መምህሩ
0.05ሸ + 3,000 = 15,000
0.05ሸ = 12,000
ሸ = 240,000

ይሄ ከቫት በፊት ነው። በ1.15 አባዢው፣ በደረሰኝ 276,000 ብር መሸጥ አለብሽ።